የራውል ፔክ ፊልሞች አማርኛ ይናገሩልን

ለቴሌቪዥን ጣቢያዎች የፕሮግራም ኃላፊዎች
ለሲኒማ ቤት ሥራ አስኪያጆች
ባላችሁበት

ጉዳዩ፦ የሄይቲያዊው ፊልም ሠሪ የራውል ፔክ ሥራዎች ወደ አማርኛ ተመልሰው እንዲታዩ ስለመጠየቅ

ጤና ይስጥልኝ።

እንጀራዬ የውጭ ድራማ ወደ አማርኛ መመለስ ነው። ሰባት ዓመት ሆነኝ። የቱርክ እናት ልጇን "አርፈህ ተቀመጥ!" ብላ እንድትቆጣ፣ የህንድ አማት ምራቷን በነገር እንድትወጋ፣ ከንፈራቸው ሲከደን የእኛም ማሰሪያ አንቀጽ እዚያው እንዲያርፍ ስንት ሌሊት ቁጭ ብዬ አድሬያለሁ። ሥራዬን እወደዋለሁ። የውጭ ቋንቋ የማይሰሙ እናቶች ከማያውቁት አገር ሰው ጋር አብረው ሲያለቅሱ አይቻለሁና።

ይህን የምጽፈው ግን ያልተረጎምነው ነገር ሲያንገበግበኝ ስለከረመ ነው። ራውል ፔክ የሚባል የሄይቲ ሰው አለ። ከ1980ዎቹ ጀምሮ ፊልም ይሠራል። (እዚህ ያሉት ዓመቶች በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው፤ የእኛ ሲሆን እናገራለሁ።) የሚሠራው ታሪካቸውን ሌላ ሰው ስላወራባቸው ሕዝቦች ነው። እኔ ቤት ባለው ቴሌቪዥን አንዱንም ፊልሙን በአማርኛ አላየሁም። ስለ ሄይቲ የምታሳዩን ዜና ሲኖር ብቻ ነው። ዜናው ደግሞ ወይ የመሬት መንቀጥቀጥ ነው፣ ወይ የወሮበሎች ተኩስ።

እስቲ ከእናቴ ሳሎን ልጀምር።

ክረምት ላይ ላፕቶፔን ይዤ ሄድኩና ጠረጴዛው ላይ ከስኳር ዕቃው ጋር አስደግፌ ከፈትኩት። ፊልሙ የ2013ቱ ዘጋቢ ፊልም ነበር። ስሙን "ገዳይ ዕርዳታ" ብዬ ተርጉሜዋለሁ። እያቆምኩ በቃሌ እየተረጎምኩላት ነው የምናየው። እናቴ የወሎ ልጅ ናት። በእኛ አቆጣጠር በ77ቱ ድርቅ ኮረም መጠለያ ከነበሩት አንዷ ናት። ያኔ ገና ልጅ ነበረች። ስለዚያ ጊዜ ብዙ አታወራም፤ እኛም አንጠይቃትም።

ጥር 12 ቀን 2010 ሄይቲን የመታው የመሬት መንቀጥቀጥ መጠኑ 7.0 ነበር። ከ200 ሺህ በላይ ሰው አለቀ። አንድ ሚሊዮን ተኩል ያህሉ ቤት አልባ ሆነ። ዓለም ተረባረበ። በመጋቢት ወር ኒውዮርክ ላይ ለጋሾች ተሰብስበው ለሁለት ዓመት ብቻ ከ5 ቢሊዮን ዶላር በላይ ቃል ገቡ። ገንዘቡን የሚመራ ኮሚሽን ተቋቋመ። የኮሚሽኑ ሰብሳቢዎች የቀድሞው የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ቢል ክሊንተንና የሄይቲው ጠቅላይ ሚኒስትር ዣን ማክስ ቤልሪቭ ነበሩ። ፔክ ለሁለት ዓመት ያህል ካሜራውን ይዞ ይህን ነገር ተከታተለ።

ግን ካሜራውን ወዴት አዞረ? ድንኳን ውስጥ በሚያለቅሰው ሕጻን ላይ ተክሎት አልከረመም። ወደ ስብሰባ አዳራሹ ነው ያስገባው። ወደ ባለሙያው፣ ወደ አማካሪው፣ አየር ማቀዝቀዣ ባለው ክፍል ስላይድ ወደሚያሳየው ሰው። አንዱ ክራባቱን እያስተካከለ ያብራራል፤ ሌላው ሰዓቱን ያያል።

እናቴ ሲኒዋን አስቀመጠች። "ለካ እነሱም ይቀረጻሉ!" አለች።

ዝም አልኩ። ከዚያ ሳልጠይቃት ነገረችኝ። ኮረም እያሉ አንድ ፈረንጅ አያቴ ፊት ቁጢጥ ብሎ ለረጅም ጊዜ ካሜራ ደግኖባታል። አያቴ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ልትጎትት ፈልጋ እጇ አልታዘዝ ብሏት ነበር። "ስሟን እንኳ አልጠየቃትም" አለች እናቴ። ከዚያ በኋላ "ቀጥል፣ ክፈተው" አለችኝ።

ኮረምን ዓለም ያወቃት በጥቅምት 1984 በተላለፈ የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ዘገባ ነው። ያ ዘገባ ብዙ እህል አስመጥቷል፤ ብዙ ነፍስም አትርፏል። ይህን አልክድም። እናቴ ራሷ ያንን እህል በልታ ነው የተረፈችው። ግን ከዚያ ወዲህ ኢትዮጵያ ሲባል ውጭ አገር ያለ ሰው ዓይን ላይ የሚመጣው ያው ምስል ሆኖ ቀረ። ውጭ ያሉ ዘመዶቻችን ይህን ከእኔ የበለጠ ያውቁታል። ሄይቲዎችም እንደዚያው ናቸው። ልዩነቱ፣ እነሱ ካሜራውን ወደ ሌላኛው ወገን የሚያዞር ልጅ ወልደዋል።

ከፊልሙ ውስጥ የማይረሳኝ የፍርስራሹ ጉዳይ ነው። ከተማዋ ወደ 10 ሚሊዮን ሜትር ኩብ በተገመተ ፍርስራሽ ተሞልታለች። ፍርስራሹ ሳይነሳ ቤት አይሠራም። ይህ ማንም የሚገባው ነገር ነው። ለፍርስራሽ ማንሻ ገንዘብ የሚሰጥ ለጋሽ ግን በመከራ ነው የሚገኘው። ትምህርት ቤት ቢሠራ ግድግዳው ላይ የለጋሹ ስም ይጻፋል፤ ክሊኒክም ቢሆን እንደዚያው። የተነሳ ፍርስራሽ ላይ ግን የማንም ስም አይጻፍም። እናቴ ይህን ስነግራት ማብራሪያ አልጠየቀችም። እኛ አገር ወርክሾፕ፣ አበል፣ ፕሮፖዛል፣ የፕሮጀክት መኪና የሚሉትን ቃላት የማያውቅ ማን አለ? ይህን ፊልም ስተረጉም መዝገበ ቃላት የገለጥኩት ከሌላው ሥራዬ ሁሉ ያነሰ ጊዜ ነው።

የሄይቲ ሰዎች ዝም ብለው አልተቀመጡም። በታህሳስ 2010 የኮሚሽኑ ሄይቲያዊ አባላት በጎረቤት ዶሚኒካን ሪፐብሊክ ዋና ከተማ በሳንቶ ዶሚንጎ በተደረገው ስብሰባ ላይ የተቃውሞ ደብዳቤ አቀረቡ። ስለ ገዛ አገራቸው በሚወስነው ኮሚሽን ውስጥ እንደተገለሉ ተናገሩ። በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ ደግሞ ኮሌራ ገብቶ ነበር። በሽታው የመጣው ከተባበሩት መንግሥታት ሰላም አስከባሪዎች ሰፈር ነው። ወደ 10 ሺህ የሚጠጋ ሰው ሞተ። ድርጅቱ በጉዳዩ ውስጥ ድርሻ እንዳለው ያመነው በ2016 ነው። ስድስት ዓመት ሙሉ የሄይቲ እናቶች የሚያውቁትን ነገር ሌላው ዓለም አላውቅም ሲል ከረመ ማለት ነው።

ሰውዬው ማነው ካላችሁ፣ በ1953 ፖርት ኦ ፕሪንስ ተወለደ። አባቱ የእርሻ ባለሙያ ነበሩ። "ፓፓ ዶክ" በሚባለው በሄይቲው አምባገነን በፍራንሷ ዱቫልዬ ዘመን ታሰሩ። ከዚያ ቤተሰቡ ተሰደደ። የት? ኮንጎ። ቤልጅየሞች ጥለው ሲወጡ አዲሷ ኮንጎ ፈረንሳይኛ የሚናገሩ ጥቁር አስተማሪዎች፣ ሐኪሞችና የእርሻ ባለሙያዎች ያስፈልጓት ነበር፤ ብዙ ሄይቲያውያን ሄዱ። ትንሹ ራውል በ1961 ሲደርስ የስምንት ዓመት ልጅ ነበር። በኋላ ኒውዮርክ፣ ፈረንሳይና በርሊን ተማረ። ኒውዮርክ ውስጥ ለአንድ ዓመት ታክሲ ነድቷል። ይህን ሳነብ ዋሽንግተን ውስጥ ታክሲ እየነዱ ትምህርት የጨረሱ፣ መጽሐፍ የጻፉ ወገኖቼ ትዝ አሉኝ። በ1996 ደግሞ አገሩ ተመልሶ የባህል ሚኒስትር ሆነ። ብዙ አልቆየም። በ1997 ለቀቀ፤ ስላየውም ነገር መጽሐፍ ጻፈ።

ኮንጎ ላይ ትንሽ ልቆይ። የእኛም ደም አለበትና።

የኮንጎ የመጀመሪያው ጠቅላይ ሚኒስትር ፓትሪስ ሉሙምባ የተገደለው ጥር 17 ቀን 1961 ካታንጋ በሚባለው የኮንጎ ክፍለ ሀገር ውስጥ ነው። የ35 ዓመት ሰው ነበር። አብረውት ሞሪስ ምፖሎና ጆዜፍ ኦኪቶ ተገደሉ። አስከሬናቸውን አንድ የቤልጅየም ፖሊስ በአሲድ አጠፋው። ለቤተሰቡ የተመለሰው አንድ ጥርስ ብቻ ነው፤ እሱም በሰኔ 2022። ፔክ ስለ ሉሙምባ ሁለት ጊዜ ሠርቷል። መጀመሪያ ዘጋቢ ፊልም፣ ከዚያ በ2000 ተዋንያን ያሉበት ፊልም። ዘጋቢው ውስጥ የገዛ እናቱን ትዝታ እየጠቀሰ ይተርካል፤ እናቱ በኮንጎ ዋና ከተማ ከንቲባ ቢሮ ጸሐፊ ነበሩ። የአንድ አህጉር ቁስል በአንድ እናት አፍ ሲነገር እንዴት እንደሚሰማ ማየት አለባችሁ።

ሰፈራችን ውስጥ ኮንጎ የዘመቱ አንድ ሽማግሌ ነበሩ። ሁላችንም ጋሼ ነበር የምንላቸው። አገራችን ከ1960 ጀምሮ ጠቅል ብርጌድን በተባበሩት መንግሥታት ባንዲራ ሥር ልካለች። በኋላም የጠቅላላው ጦር አዛዥ የእኛው ሌተና ጄኔራል ከበደ ገብሬ ነበሩ። ጋሼ ከማለፋቸው በፊት የ2000ውን ፊልም አብረን አየን። ሉሙምባ እጁ ታስሮ ሲደበደብ ጋሼ ከወንበራቸው ትንሽ ተነሱ። "እኛ እዚያው ነበርን እኮ" አሉ። "እዚያው ነበርን።" ሁለት ጊዜ ነው ያሉት። ከዚያ ባርኔጣቸውን አንስተው ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡ፤ ፊልሙ እስኪያልቅ ምንም አልተናገሩም። እኔ ከጎናቸው ሆኜ በሹክሹክታ እየተረጎምኩ ነበር። ያንን ፊልም በገዛ ቋንቋቸው፣ በደህና ድምፅ፣ በትልቅ ስክሪን ሊያዩት ይገባ ነበር። እንደ እሳቸው ያሉ ሰዎች እያለቁ ነው።

ስለ ሥራችንም ላንሳ። ፔክ በ1993 የሠራው ፊልም አለ፤ በካን ፌስቲቫል ውድድር የገባ የመጀመሪያው የሄይቲ ፊልም ነው። በፓፓ ዶክ ዘመን የነበረውን ሽብር በአንዲት ትንሽ ልጅ ዓይን ያሳያል። የአገዛዙን ገዳዮች ሕዝቡ "ቶንቶን ማኩት" ይላቸው ነበር። ይህን ስም እንዴት ትተረጉሙታላችሁ? "ቶንቶን" አጎት ማለት ነው። "ማኩት" ከሣር የተሠራ ከረጢት ነው። የሄይቲ እናቶች አስቸጋሪ ልጅን "አጎትዬው መጥቶ በከረጢቱ ይከትሃል" እያሉ ያስፈራሩ ነበር። ሦስት ቀን አሰብኩበት። መጨረሻ ላይ "አያ ጅቦ" መጣልኝ። እኛም እኮ የሚበላንን አውሬ "አያ" ብለን በአክብሮት ነው የምንጠራው! ልጅ ሆነን "ዝም በል፣ አያ ጅቦ መጣ" ስንባል ያለው ፍርሃት፣ ከዚያ እውነተኛው ጅብ ጠመንጃ ይዞ በር ሲያንኳኳ ያለው ፍርሃት። ቀይ ሽብርን ያየ ሰው ይህን ፊልም ለመረዳት ማንንም አይጠይቅም። የማስፈራሪያ ስማችን እንኳ አንድ ነው።

የሚቀጥለው ለእናንተ ለራሳችሁ ነው። "አንዳንዴ በሚያዝያ" የተባለው የ2005 ፊልሙ ስለ ሩዋንዳ ነው። እዚያው ሩዋንዳ ነው የተቀረጸው። ሁለት ወንድማማቾች አሉ። አንዱ ኦጉስታን ይባላል፤ የጦር መኮንን ነው፣ ኢድሪስ ኤልባ ይጫወተዋል። ሚስቱ ቱትሲ ናት። ወንድሙ ኦኖሬ የሬዲዮ ጋዜጠኛ ነው። ያ በ1994 ሰው እንዲጨፈጨፍ ሲቀሰቅስ የነበረ ሬዲዮ። ከዓመታት በኋላ ኦኖሬ አሩሻ በተቋቋመው የሩዋንዳ ጉዳይ ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት ቀርቦ ይጠየቃል። ገጀራ አልያዘም። ማይክሮፎን ነበር የያዘው። በ100 ቀን ውስጥ 800 ሺህ ያህል ሰው ካለቀበት አገር የመጣ ታሪክ ነው። ማይክሮፎን በእጃችሁ ለያዛችሁ ሰዎች፣ በዚህ ዘመን፣ በዚህ አገር፣ ከዚህ በላይ ምን ብዬ ላስረዳችሁ? አንድ ምሽት ብቻ አሳዩት። ከፊልሙ በኋላ ሽማግሌዎችን፣ ጋዜጠኞችን፣ ወጣቶችን አስቀምጣችሁ አወያዩበት።

የ2016ቱን "እኔ የእናንተ ኔግሮ አይደለሁም" ብዙዎቻችሁ ሳታውቁት አትቀሩም፤ ለኦስካር ታጭቶ ነበር። ጥቁር አሜሪካዊው ደራሲ ጄምስ ባልድዊን ሳይጨርሰው ከሞተው 30 ገጽ ያህል ጽሑፍ ተነስቶ የተሠራ ነው። አሜሪካ ልጆች ላላቸው ኢትዮጵያውያን ወላጆች አንድ ቀን ከልጆቻቸው ጋር ቁጭ ብለው እንዲያዩት እመክራለሁ። ልጁ ትምህርት ቤት የሚሰማውን፣ እናት ደግሞ "እኛ እኮ ሐበሻ ነን" ብላ የምታልፈውን ነገር ለማውራት በር ይከፍታል።

"ሄይቲ ከእኛ ጋር ምን አገናኛት?" የሚል አይጠፋም። በጥቅምት 1935 ጣሊያን ሲወረን ትልልቆቹ መንግሥታት ቃል እያላመጡ ነበር። የሄይቲው ተወካይ ጄኔራል አልፍሬድ ኔሙር ጄኔቫ ላይ በመንግሥታቱ ማኅበር ፊት ቆመው እንዲህ አሉ፦ "ትልቅም ሆንን ትንሽ፣ ብርቱም ሆንን ደካማ፣ ቅርብም ሆንን ሩቅ፣ ነጭም ሆንን ባለ ቀለም፣ አንድ ቀን እኛም የአንዱ ኢትዮጵያ ልንሆን እንደምንችል ፈጽሞ አንርሳ።" ይህ ቃል በየትምህርት ቤታችን ግድግዳ ላይ መጻፍ የነበረበት ነው። እውነቱን ለመናገር እኛ ውለታውን በደንብ አልመለስንም። በሚያዝያ 1966 ንጉሠ ነገሥቱ ሄይቲን ሲጎበኙ የተቀበላቸው ያው ፓፓ ዶክ ነበር። እንደ ፔክ ቤተሰብ ያሉት ያን ጊዜ ስደት ላይ ነበሩ። የመንግሥት ወዳጅነት እንደዚያ ነው። የሕዝብ ወዳጅነት ግን ሌላ ነው፤ እሱን ማድረግ የምትችሉት እናንተ ናችሁ።

አሁን ወደ ሥራው። "ስፖንሰር አያመጣም" እንደምትሉ አውቃለሁ፤ ስቱዲዮ ውስጥ ስንት ጊዜ ሰምቼዋለሁ። አንድ ክፍል ድራማ ዳብ ለማድረግ ስንት ድምፅ ሰጪ እንደሚያስፈልግ፣ ከንፈር ማገጣጠሙ ስንት ሰዓት እንደሚፈጅ እናንተም እኔም እናውቃለን። "ገዳይ ዕርዳታ" ግን እንደዚያ አይደለም። ፊልሙን የሚተርኩት ደብዳቤ የሚጻጻፉ የሚመስሉ ሁለት ድምፆች ናቸው፤ አንድ ወንድ፣ አንዲት ሴት። ከንፈራቸው አይታይም። ሁለት ጥሩ ድምፅ ሰጪ፣ ለሌሎቹ ተናጋሪዎች ደግሞ የግርጌ ጽሑፍ ይበቃል። ርዝመቱ ወደ አንድ ሰዓት ከ40 ደቂቃ ነው። ከአንድ ሳምንት የቱርክ ድራማ ያነሰ ሥራ ነው ብዬ በሙያዬ እመሰክራለሁ።

የማሳያ መብቱን መጠየቅም ሩቅ አይደለም። ፔክ ቬልቬት ፊልም የሚባል የራሱ ድርጅት አለው። "ገዳይ ዕርዳታ"ን ሲሠራ የአውሮፓው ቴሌቪዥን አርቴ አብሮት ነበር። በጣቢያችሁ ማህተም የወጣ አንድ ደብዳቤ እኔ ከምጽፈው መቶ ደብዳቤ ይበልጣል። ሰውዬው ፈረንሳይ ተምሯል፤ ፊልም የተማረው በርሊን ነው። አዲስ አበባ ውስጥ አሊያንስ ኢትዮ ፍራንሴዝ አለ፣ ጎተ ኢንስቲትዩት አለ። ብቻችሁን ከከበዳችሁ በራቸውን አንኳኩ።

ሲኒማ ቤቶች ደግሞ ሥራ በሚቀዘቅዝበት ማክሰኞ ወይም ረቡዕ ከሰዓት አንዱን ሰዓት ስጡን። "ሉሙምባ"ን አሳዩ። የፊት ወንበሮቹን ለኮንጎ ዘማቾች አስቀምጡላቸው፤ በሕይወት ያሉት ጥቂት ናቸው፣ ትኬትም አትጠይቋቸው። ቢያንስ አንድ ወጣት ፊልም ሠሪ ከኋላ ተቀምጦ የሚያይ ይኖራል። የገዛ ሰፈሩን ታሪክ ለመሥራት የፈረንጅ ዓይን መዋስ እንደማያስፈልገው በዓይኑ ያያል።

እኔ በበኩሌ የ"ገዳይ ዕርዳታ"ን ትረካ ተርጉሜ ጨርሻለሁ። ሁለት ደብተር ነው፤ ደቂቃና ሴኮንዱ በኅዳጉ ላይ በቀይ እስክሪብቶ ተጽፏል። መብቱን ያገኘ ጣቢያ ይምጣና ይውሰደው። የትርጉም ሒሳብ አልጠይቅም። የምለምነው አንድ ነገር ነው፤ የሚተላለፍበትን ቀንና ሰዓት አስቀድማችሁ አሳውቁኝ። እናቴ ካቆምንበት እስከ መጨረሻው በራሷ ቴሌቪዥን ማየት ትፈልጋለች።

ከአክብሮት ጋር

የድራማ ተርጓሚ
አዲስ አበባ

ግልባጭ፦
ለድምፅ ሰጪዎችና ለትርጉም ባልደረቦቼ
ለኮንጎ ዘማቾችና ለቤተሰቦቻቸው